ካሜራው የማያሳየው፦ የቴሌቪዥን ምትሃትና የቤይ ኤሪያ መሐንዲሶች

“ማየት ማመን ነው” የሚለው አባባል ከቴሌቪዥን ዘመን በፊት የተወለደ ነው። ሰው በገዛ ዓይኑ ሲያይ ከየትኛው ወገን ሆኖ እንደሚመለከት፣ መቼ ቀረብ እንደሚልና መቼ አንገቱን እንደሚያዞር የሚወስነው ራሱ ነበር። ቴሌቪዥን ይህን ሥልጣን ከተመልካቹ ወስዶ ለሌላ ሰው ሰጠ። ምን እንደሚታይ፣ ከምን ያህል ርቀት እንደሚታይ፣ ከየት ተጀምሮ የት ላይ እንደሚቆረጥ የሚወስነው ከካሜራው ጀርባ ያለው ባለሙያ ሆነ። የዚህን ለውጥ ትርጉም ቀድመው ከተረዱት መካከል ምትሃተኞች ይገኙበታል። ሙያቸው የሰውን ዓይን መምራት በመሆኑ፣ ዓይንን የሚመራ አዲስ መሣሪያ ሲመጣ ጥቅሙንም አደጋውንም ለመገንዘብ ብዙ ጊዜ አልፈጀባቸውም።

የቴሌቪዥን ምትሃት ታሪክ ሲነገር ብዙውን ጊዜ የሚወሱት ኒው ዮርክ፣ ሎስ አንጀለስና ላስ ቬጋስ ናቸው። ታሪኩን ከመሣሪያው አንጻር ለሚመረምር ሰው ግን ሌላ ቦታ ጎልቶ ይታያል፦ ሳን ፍራንሲስኮን፣ ኦክላንድንና ሳን ሆሴን በባሕረ ሰላጤ ዙሪያ ያቀፈው፣ በርካታ ኢትዮጵያውያንም መኖሪያቸው ያደረጉት የቤይ ኤሪያ አካባቢ። ሙሉ በሙሉ በኤሌክትሮኒክስ የሚሠራ የቴሌቪዥን ምስል የተላለፈው፣ የቴሌቪዥንን ሥርጭት በቴፕ ላይ ለመቅረጽ ያስቻለው ማሽን የተሠራው፣ የመድረክ ዘዴን እንደ ተአምር ያቀረበ ሰባኪ በሬዲዮ መቀበያ የተጋለጠው በዚሁ አካባቢ ነው። ክስተቶቹ ተለያይተው ሲታዩ የማይገናኙ ይመስላሉ። አንድ ላይ ሲታዩ ግን ለዛሬው ተመልካች የሚጠቅም አንድ ቁም ነገር ያስጨብጣሉ፤ ካሜራ የቀረበለትን ያሳያል እንጂ የቀረበለትን አይመረምርም።

ውሉ የት ላይ ነው?

በአማርኛ “አስማት”፣ “ጥንቆላ” እና “ምትሃት” የሚሉት ቃላት ብዙ ጊዜ እየተቀላቀሉ ይነገራሉ። እዚህ ላይ ምትሃት ሲባል በእጅ ቅልጥፍና፣ አስቀድሞ በተዘጋጀ ዕቃና በንግግር ጥበብ የማይቻል የሚመስል ነገር የሚታይበት የመድረክ ትርኢት ማለት ነው። ምትሃተኛውን ከአጭበርባሪ የሚለየው የሚጠቀምበት ዘዴ አይደለም፤ ዘዴው አንድ ሊሆን ይችላል። የሚለየው ከተመልካቹ ጋር ያለው ውል ነው። ወደ ትርኢት አዳራሽ የሚገባ ሰው ሊታለል እንደመጣ ያውቃል፤ ለመታለሉም ፈቅዶ ይከፍላል። በገበያ ዳር ሦስት ካርታ ዘርግቶ መንገደኛን የሚያስቆም ቁማርተኛ ያንኑ የእጅ ቅልጥፍና ቢጠቀምም ውሉ የለም። ተመልካቹ የሚያየው ጨዋታ እውነተኛ መስሎት ገንዘቡን ያጣል።

ዘዴው በሰው አእምሮ ላይ እንዴት እንደሚሠራ ሳይንስ በቅርብ ዓመታት በዝርዝር አጥንቶታል። በእንግሊዝ አገር የሠሩት ጉስታቭ ኩን እና ማይክል ላንድ እ.ኤ.አ. በ2006 ባሳተሙት ጥናት አንድ ምትሃተኛ ትንሽ ኳስ ወደ ላይ ሲወረውር የሚያሳይ ቪዲዮ ለተሳታፊዎች አቀረቡ። ምትሃተኛው ሁለት ጊዜ ኳሷን ወርውሮ ይቀልባል። በሦስተኛው ጊዜ ኳሷን በእጁ ውስጥ እንደያዘ የመወርወር እንቅስቃሴ ብቻ ያደርጋል፤ ዓይኑንም ወደ ላይ ያነሣል። ከተሳታፊዎቹ አብዛኞቹ ኳሷ ከእጁ ወጥታ አየር ላይ ስትጠፋ እንዳዩ ተናገሩ። የዓይናቸውን እንቅስቃሴ የሚከታተለው መሣሪያ ግን ሌላ ነገር መዘገበ። ዓይናቸው ኳሷ “ጠፋችበት” ወዳሉት ቦታ አልሄደም፤ ያረፈው በምትሃተኛው ፊት ላይ ነበር። ኳሷን ወደ ላይ ያስወነጨፋት የምትሃተኛው አመለካከትና የተመልካቹ ግምት ነው።

ይህ ውጤት ለቴሌቪዥን ትልቅ ትርጉም አለው። ሙከራው የተደረገው በቪዲዮ ሲሆን፣ በቪዲዮው ላይ አንዳችም ቅንብር አልተደረገም። ማታለያው በምስሉ ውስጥ አልነበረም፤ በተመልካቹ አእምሮ ውስጥ ነበር። ከዚህ የምንረዳው፣ ያልተነካካና ንጹሕ የሆነ ምስል እንኳ ሰው ያላየውን እንዳየ እንዲያምን ሊያደርገው እንደሚችል ነው።

ከፓሪስ ቲያትር እስከ ግሪን ጎዳና

ተንቀሳቃሽ ምስልና ምትሃት የተገናኙት ቴሌቪዥን ከመፈጠሩ በፊት ነው። ፈረንሳዊው ጆርጅ ሜሊዬስ በፓሪስ የምትሃት ቲያትር ባለቤትና ራሱም ምትሃተኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1896 በሠራው አጭር ፊልም ውስጥ ወንበር ላይ የተቀመጠች ሴት ጨርቅ ትከናነብና ጨርቁ ሲነሣ ትጠፋለች። በመድረክ ላይ እንዲህ ያለው ትርኢት የተሰወረ በርና ብዙ ልምምድ ይጠይቃል። ሜሊዬስ ግን ካሜራውን አቆመ፤ ሴትዮዋ ተነሥታ ሄደች፤ ካሜራው ቀጠለ።

በዚህ ቅጽበት ምትሃት አዲስ መሣሪያ አገኘች፤ በዚያው ልክ ደግሞ አንድ ውድ ነገር አጣች። ካሜራን ማቆምና ማስቀጠል የሚችል ሰው ማንኛውንም ነገር ማጥፋት ከቻለ፣ በፊልም ላይ የሚታይ መጥፋት ማንንም አያስደንቅም። ተመልካቹ “ቆርጠው ቀጥለውት ነው” ብሎ ያልፈዋል።

ሠላሳ አንድ ዓመት ቆይቶ፣ እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 7 ቀን 1927 ዓ.ም. በሳን ፍራንሲስኮ ግሪን ጎዳና ቁጥር 202 በሚገኝ ቤተ ሙከራ ውስጥ የ21 ዓመቱ ፊሎ ፋርንስወርዝ አንዲት ቀጥ ያለች መስመር ከአንድ ክፍል ወደ ሌላው በኤሌክትሮኒክስ አስተላለፈ። ከእርሱ በፊት የነበሩት አብዛኞቹ የቴሌቪዥን ሙከራዎች በሚሽከረከር ሳህን ላይ የተመሠረቱ ነበሩ። የፋርንስወርዝ ቱቦ ግን ምስሉን የሚያነበው ያለ ምንም ተንቀሳቃሽ አካል ነው። ለምትሃተኞች የዚህ ግኝት ዋጋ የታየው ቆይቶ፣ ጣቢያዎች መደበኛ ሥርጭት ሲጀምሩ ነው። ቴሌቪዥን እንደ ፊልም ተቀርጾ የሚቀመጥ አልነበረም። የሚታየው በዚያው ቅጽበት የሚሆነው ነው። ቀጥታ ሥርጭት ላይ ካሜራ አቁሞ ሰው ማስወጣት አይቻልም። ሜሊዬስ ከምትሃት የወሰደውን አመኔታ የቀጥታ ሥርጭት መለሰላት።

የሬድውድ ሲቲ ማሽን

የቀጥታ ሥርጭት ግን ለአሜሪካ ጣቢያዎች ራስ ምታት ነበር። በኒው ዮርክ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት ሲሆን በካሊፎርኒያ ገና ከቀኑ አሥራ አንድ ሰዓት ነው። ለምዕራቡ ዳርቻ ፕሮግራሙን በሦስት ሰዓት ልዩነት ለማቅረብ የነበረው መንገድ የቴሌቪዥኑን መስታወት በፊልም ካሜራ ቀርጾ፣ ፊልሙን በጥድፊያ አጥቦ እንደገና ማሰራጨት ነበር። የሚገኘው ምስል ደብዛዛ ሲሆን ወጪውም ከባድ ነበር።

ድምፅ በማግኔት ቴፕ ላይ መቀረጽ ከጀመረ ዓመታት አልፈዋል። ታዲያ ምስልን ለምን በዚያው መንገድ መቅረጽ አልተቻለም? ችግሩ የመጠን ነበር። ጥራት ያለው ድምፅ በሰከንድ እስከ 20 ሺህ ያህል ንዝረቶችን ይይዛል። የቴሌቪዥን ምስል ግን ወደ 4 ሚሊዮን ይጠጋል። ይህን ያህል መረጃ ለመያዝ ቴፑ በመቅረጫው ራስ ፊት እጅግ በፍጥነት ማለፍ አለበት። አርሲኤ የተባለው ኩባንያ የሞከረው ማሽን ቴፑን በሰከንድ 360 ኢንች፣ ማለትም ከ9 ሜትር በላይ ያስኬድ ነበር። በዚህ ፍጥነት የአንድ ሰዓት ፕሮግራም ወደ 33 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ቴፕ ይፈልጋል።

ከሳን ፍራንሲስኮ ወደ ሳን ሆሴ በሚወስደው መንገድ ላይ በምትገኘው ሬድውድ ሲቲ የነበረው አምፔክስ ኩባንያ ችግሩን ገልብጦ አየው። በቻርልስ ጊንስበርግ የሚመራው ጥቂት አባላት ያሉት ቡድን፣ በኋላ በድምፅ ቴክኖሎጂ ስሙ የገነነውን ወጣቱን ሬይ ዶልቢን ጨምሮ፣ ቴፑን ከማሯሯጥ ይልቅ የመቅረጫውን ራስ አሽከረከረ። ዙሪያውን አራት ራሶች የተተከሉበት ትንሽ ከበሮ በደቂቃ 14,400 ጊዜ እየዞረ፣ 2 ኢንች ስፋት ባለው ቴፕ ላይ በአግድም መስመር ይጽፋል። ስሌቱ ቀላል ነው። 14,400 ዙር በደቂቃ ማለት 240 ዙር በሰከንድ ነው፤ በአራት ራስ ሲባዛ በየሰከንዱ 960 መስመር ይሆናል። ራሱ በቴፑ ላይ በሰከንድ 38 ሜትር ያህል ሲጓዝ፣ ቴፑ ራሱ ግን በሰከንድ 15 ኢንች፣ ማለትም 38 ሳንቲ ሜትር ብቻ ይንቀሳቀሳል። የአንድ ሰዓት ፕሮግራም ከ33 ኪሎ ሜትር ወደ 1.4 ኪሎ ሜትር ገደማ ወረደ።

ማሽኑ እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 1956 በቺካጎ በተካሄደ የብሮድካስተሮች ጉባኤ ላይ ለሕዝብ ታየ። በዚያው ዓመት ኖቬምበር 30 ቀን ሲቢኤስ የምሽት ዜናውን ለምዕራቡ ዳርቻ ከቴፕ አሰራጨ። ኦክላንድ የራሷን ጣቢያ ኬቲቪዩን ያገኘችው ከዚህ ሁለት ዓመት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ ሲሆን፣ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ደግሞ በ1957 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. በ1964) ሥራ ጀመረ። በእነዚህ ዓመታት ውስጥ አንድ ጸጥተኛ ለውጥ ተከናውኖ ነበር። ከፊልም የተለየ፣ ቀጥታ ሥርጭት የሚመስል ነገር ግን ያልሆነ ምስል ተፈጠረ። ተመልካቹ የሚያየው አሁን ይሁን ትናንት የሆነ፣ ሙሉ ይሁን ተቆርጦ የተቀጠለ፣ በዓይኑ መለየት አልቻለም። የመጀመሪያዎቹ የቴፕ ባለሙያዎች ቴፑን በምላጭ እየቆረጡ ይቀጥሉት ነበር።

የማርክ ዊልሰን ቃል

ይህ ሁሉ ለምትሃተኞች የሜሊዬስን ችግር ዳግም ይዞ መጣ። መልስ ካገኙለት መካከል ግንባር ቀደሙ ማርክ ዊልሰን ነው። ዊልሰን “የአላካዛም ምትሃታዊ ምድር” የተባለውን የልጆች ፕሮግራም እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 1960 በሲቢኤስ ጀመረ። ፕሮግራሙ በኋላ ወደ ኤቢሲ ተዛውሮ እስከ 1964 ድረስ ቆየ። በአሜሪካ ብሔራዊ ሥርጭት ላይ በየሳምንቱ የቀረበ የመጀመሪያው ትልቅ የምትሃት ፕሮግራም ሲሆን፣ የሚዘጋጀውም በአምፔክስ በተጀመረው የቪዲዮ ቴፕ ነበር።

ዊልሰን ሁለት ነገሮችን እንደ ሕግ ያዘ። አንደኛ፣ ትርኢቱ በስቱዲዮ ውስጥ በተቀመጡ እውነተኛ ታዳሚዎች ፊት ይካሄዳል። ሁለተኛ፣ ትርኢቱ ከተጀመረ እስኪያልቅ ካሜራው አይቋረጥም፤ የካሜራ ማታለያም አይደረግም። ቤቱ ያለው ሰው የሚያየው ስቱዲዮ ውስጥ የተቀመጠው ሰው የሚያየውን ነው ማለት ነው። ሕጉ ዛሬ ቀላል ሊመስል ይችላል። መሐንዲስ ግን ትርጉሙን ወዲያው ይረዳዋል፤ ዊልሰን መሣሪያው ያልሰጠውን ዋስትና በአሠራር ሥርዓት ተካው። ቴፑ እውነተኛነቱን ራሱ ማረጋገጥ ስለማይችል፣ በቦታው የነበሩ ሰዎች ዋስ ሆኑ።

ከእርሱ በኋላ የመጡትም ይህንኑ መንገድ ተከትለዋል። ካናዳዊው ዳግ ሄኒንግ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1975 በኤንቢሲ ያቀረበው ትርኢት የተሰራጨው በቀጥታ ነበር። ዴቪድ ኮፐርፊልድም እ.ኤ.አ. በ1983 የነፃነት ሐውልትን “ሲያጠፋ” በቦታው ታዳሚዎችን አስቀምጦ ነበር። የሚሊዮኖች አመኔታ የተመሠረተው በእነዚያ ጥቂት ሰዎች ዓይን ላይ ነው።

ደንቡን በተቃራኒው አቅጣጫ የተጫወቱበትም አሉ። ፔን እና ቴለር ዝናቸው ከመግነኑ በፊት በ1970ዎቹ መጨረሻና በ1980ዎቹ መጀመሪያ በሳን ፍራንሲስኮ ቲያትር ይሠሩ ነበር። በ1980ዎቹ አጋማሽ በአንድ የቅዳሜ ምሽት የቀጥታ ፕሮግራም ላይ ቀርበው ዕቃዎችን አየር ላይ ሲያንሳፍፉ ታዩ። በመጨረሻ ካሜራው ሲዞር ሁለቱ ሰዎች ቁልቁል ተዘቅዝቀው መንጠልጠላቸው ታወቀ። ምስሉ አልተቆረጠም፤ ሥርጭቱም ቀጥታ ነበር። የተገለበጠው ካሜራው ብቻ ነው። ተመልካቹ ከቀልዱ ጋር አንድ ትምህርት አገኘ፤ ያልተቆረጠ ምስልም ቢሆን የሚያሳየው ክፈፉ የፈቀደለትን ነው።

በሜንሎ ፓርክ የተፈተነው ሰው

እስካሁን የተነሡት ሁሉ ውሉን የጠበቁ ባለሙያዎች ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1972 እና በ1973 ግን በቤይ ኤሪያ ሌላ ዓይነት ጥያቄ ተነሣ። በሜንሎ ፓርክ በሚገኘው የስታንፎርድ ምርምር ተቋም ረስል ታርግ እና ሃሮልድ ፑቶፍ የተባሉ የፊዚክስ ባለሙያዎች፣ ማንኪያ በሐሳብ አጣምማለሁ በማለት በቴሌቪዥን የታወቀውን እስራኤላዊውን ኡሪ ጌለርን ለመፈተን አስገቡት። የምርምራቸው ውጤት እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 1974 በታዋቂው ኔቸር መጽሔት ታተመ። መጽሔቱ ጽሑፉን ያወጣው ስለ ሙከራው አሠራር ያለውን ጥርጣሬ በርዕሰ አንቀጹ ገልጾ ነው። ታትሞ የወጣውም የተሰወሩ ሥዕሎችን ስለመገመት እንጂ ብረትን በሐሳብ ስለማጣመም ማረጋገጫ አልሰጠም።

ምሑራኑ ብልህ አልነበሩም ማለት አይደለም። የፊዚክስ ባለሙያ የሚያጠናው ተፈጥሮ ውስብስብ ቢሆንም አታላይ አይደለችም። ኤሌክትሮን እየታየ ሳለ አንድ ነገር አድርጎ፣ ተመራማሪው ዞር ሲል ሌላ አያደርግም። ሰው ግን ያደርገዋል። ስለዚህ የማታለል ጥርጣሬ ባለበት ሙከራ ላይ ምትሃተኛ ማማከር እንደ ማንኛውም የሙያ ምክር አስፈላጊ ነው።

ይህን በተግባር ያሳየው አንድ የመዝናኛ ፕሮግራም ነው። ጆኒ ካርሰን የታወቀ የቴሌቪዥን አስተናጋጅ ከመሆኑ በፊት ምትሃተኛ ነበር። እ.ኤ.አ. በኦገስት 1973 ጌለርን ሲጋብዝ ምትሃተኛውን ጄምስ ራንዲን አማከረ። ማንኪያዎቹና ሌሎቹ ዕቃዎች በፕሮግራሙ ሠራተኞች ተዘጋጁ፤ እንግዳውም ሆነ አብረውት የመጡት ሰዎች አስቀድመው እንዳይነኳቸው ተደረገ። ካሜራው ከወትሮው የተለየ አልነበረም፤ የተለየው ከካሜራው በፊት የተደረገው ጥንቃቄ ነው። ጌለር ከሃያ ደቂቃ በላይ ተቀምጦ የሚጠበቀውን ሳያሳይ ቀረ።

39.17 ሜጋኸርዝ

ከአሥራ ሦስት ዓመት በኋላ የሆነው ነገር ግን ከመዝናኛ በላይ ነበር። በ1980ዎቹ ፒተር ፖፖፍ የተባለ የቴሌቪዥን ሰባኪ በትላልቅ አዳራሾች እየተዘዋወረ፣ ከዚህ በፊት አይቷቸው የማያውቃቸውን ሰዎች ስም፣ የመኖሪያ አድራሻና ሕመም በመጥራት “ፈውስ” ያውጅ ነበር። ራንዲ እንደዘገበው፣ በእነዚህ ጉባኤዎች ላይ አንዳንድ ሕሙማን ሐኪም ያዘዘላቸውን መድኃኒት ወደ መድረክ ይወረውሩ ነበር። ጉዳዩን አሳሳቢ ያደረገው ይህ ነው። የእምነትና የጸሎት ጉዳይ የኤሌክትሮኒክስ ጥያቄ አይደለም። አንድ ሰው ያልነገሩትን አድራሻ ከየት አገኘ የሚለው ግን ሊመረመር የሚችል ጥያቄ ነው።

የራንዲ ባልደረቦች በሰባኪው ጆሮ ውስጥ ትንሽ መሣሪያ ተመለከቱ። የመስማት ችግር የሌለበት ሰው ይህን ለምን ያደርጋል? እ.ኤ.አ. በ1986 መጀመሪያ ጉባኤው ወደ ሳን ፍራንሲስኮ ሲመጣ የምርመራው ቡድን ዝግጁ ሆኖ ጠበቀ። በአካባቢው ለዚህ የሚበቃ ሰው አልጠፋም። በኦክላንድ እ.ኤ.አ. በ1925 የተመሠረተ የምትሃተኞች ክበብ ለትውልድ ሙያውን ሲያስተላልፍ ኖሯል። በ1980ዎቹ መጀመሪያ የተቋቋመው የቤይ ኤሪያ ተጠራጣሪዎች ማኅበርም በአባላቱ መካከል ምትሃተኞችን ይዟል። ከእነርሱ ጋር አሌክ ጄሰን የተባለ የኤሌክትሮኒክስ ዕውቀት ያለው መርማሪ ተሰለፈ።

ጄሰን የተጠቀመበት መሣሪያ የተራቀቀ አይደለም። ብዙ የሬዲዮ ሞገዶችን በተራ እየፈተሸ ንግግር ያለበትን ሲያገኝ የሚቆም፣ በገበያ ላይ የሚሸጥ መቀበያ ነው። ሥራው ግን ዝግጅት ጠይቋል። ጉባኤው ከመጀመሩ በፊት በአዳራሹ አካባቢ የሚሰሙትን የተለመዱ ሥርጭቶች መለየት፣ ከዚያ አዲስ የሚመጣውን መጠበቅ ያስፈልጋል። ድምፁ የተገኘው በ39.17 ሜጋኸርዝ ላይ ነው። በዚህ ፍሪኩዌንሲ የሞገዱ ርዝመት ከሰባት ሜትር ተኩል በላይ በመሆኑ በአዳራሹ ውስጥ ያሉትን ሰዎችና ወንበሮች ዞሮ ያልፋል። ለላኪው የሚመቸው ይህ ባሕርይ ለሰሚውም ተመቸ፤ ሞገድ ለማን እንደተላከ አያውቅም፤ መቀበያ ያለው ሁሉ ይሰማዋል።

የተሰማው የሰባኪው ባለቤት ድምፅ ነበር። ከጉባኤው በፊት ከታዳሚዎች ጋር በመነጋገርና የጸሎት መጠየቂያ ካርዶችን በመሰብሰብ ያገኘችውን ስም፣ አድራሻና የሕመም ዓይነት አንድ በአንድ ታነብለት ነበር። ይህ ዘዴ የሰውን ሐሳብ የሚያነቡ መስለው ትርኢት የሚያቀርቡ ምትሃተኞች ለብዙ ዘመን የሚያውቁት ነው። የተለወጠው ውሉ ብቻ ነው፤ ታዳሚዎቹ ትርኢት እንደሚያዩ አያውቁም ነበር።

ቀጥሎ የሆነው የቴሌቪዥንን ሁለት ገጽ ያሳያል። እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 1986 ራንዲ በካርሰን ፕሮግራም ላይ ቀርቦ የጉባኤውን ምስል አሳየ። መጀመሪያ ሕዝቡ ያየው እንደነበረ፣ ቀጥሎ ደግሞ ከሬዲዮው የተቀዳው ድምፅ ተጨምሮበት። ምስሉ አልተለወጠም። ካሜራው አዳራሹ ውስጥ የነበረውን በታማኝነት ቀርጿል፤ ሆኖም ዋናው ነገር በካሜራው ሊቀረጽ በማይችል ሞገድ ላይ ይካሄድ ነበር። ሰባኪው በቀጣዩ ዓመት መክሰሩን ለፍርድ ቤት አሳወቀ። ራንዲ በዚያው በ1986 የማክአርተር ሽልማትን ተቀበለ። ይሁንና ታሪኩ በዚህ አላበቃም፤ ሰባኪው ከዓመታት በኋላ ወደ ቴሌቪዥን ተመልሷል። ማጋለጥ አንድን ዘዴ ሊያስቆም ይችላል፤ የመታለልን ዕድል ግን ከሰው ላይ አያነሣም።

ከሳን ሆሴ የመጣ ፊርማ

ዛሬ ምስልን ለመለወጥ ምላጭም ሆነ ግዙፍ ማሽን አያስፈልግም። ዋና መሥሪያ ቤቱ በሳን ሆሴ መሐል ከተማ የሚገኘው አዶቤ ኩባንያ፣ ፎቶሾፕን በመሳሰሉ መሣሪያዎቹ ምስል መለወጥን የየቢሮው ሥራ አድርጎታል። በሰው ሠራሽ አስተውሎት የሚፈጠሩ ቪዲዮዎች ደግሞ ካሜራንም ጭምር አላስፈላጊ አድርገዋል። ይኸው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2019 የምስልን ምንጭ የሚያረጋግጥ ሥርዓት ለመዘርጋት እንቅስቃሴ ጀመረ፤ በ2021 ደግሞ ከማይክሮሶፍት፣ ከኢንቴል፣ ከቢቢሲና ከሌሎች ጋር ሆኖ የጋራ መለኪያ የሚያወጣ ጥምረት መሠረተ።

አሠራሩን በቀላሉ እንዲህ መግለጽ ይቻላል። ካሜራው ወይም ሶፍትዌሩ ከምስሉ ውስጥ እንደ ጣት አሻራ የሚያገለግል አጭር የቁጥር ቅደም ተከተል ያሰላል፤ ከምስሉ አንዲት ነጥብ ብትለወጥ አሻራው ይለወጣል። ከዚያም አሻራውን በምሥጢር ቁልፍ ይፈርምበታል። ምስሉ የደረሰው ሰው ፊርማውን በመፈተሽ ምስሉ በምን እንደተሠራና ከዚያ በኋላ ምን እንደተደረገበት ማወቅ ይችላል። በሌላ አነጋገር የማርክ ዊልሰን ሁለተኛ ሕግ፣ ማለትም “አልቆረጥንም፤ አልነካካንም” የሚለው ቃል፣ በሒሳብ የሚፈተሽ ሆነ።

ሥርዓቱ ድክመት አለው። ምስሉ በማኅበራዊ መገናኛ ሲተላለፍ ከምስሉ ጋር የተያያዘው መረጃ ብዙ ጊዜ ይራገፋል። ፊርማ የሌለው ምስልም ሁሉ ሐሰት አይደለም። ከዚህ የሚበልጠው ግን ፊርማው ሊመልሰው የማይችለው ጥያቄ ነው። የጠፋችው ኳስ ቪዲዮ ትክክለኛ ፊርማ ሊኖረው ይችላል። ተዘቅዝቀው የተንጠለጠሉት ሁለቱ ሰዎችም እንዲሁ። የሳን ፍራንሲስኮው ጉባኤ ምስልም ቢሆን ያለ አንዳች እንከን ይፈረምበት ነበር። ፊርማ የሚጠብቀው ከሌንሱ በኋላ ያለውን መንገድ ነው፤ ከሌንሱ ፊት የቆመው ነገር እውነት መሆኑን አያረጋግጥም።

ለተመልካች የቀረው ሥራ

በኦክላንድ ቴሌግራፍ ጎዳና አካባቢም ይሁን በሳን ሆሴ፣ በባሕር ዳርም ይሁን በአዲስ አበባ፣ የሳተላይት ሥርጭትና የእጅ ስልክ በየዕለቱ አስደናቂ ምስሎችን ያደርሳሉ። ከእነዚህ መካከል ብዙዎቹ ለመዝናናት የቀረቡ ናቸው፤ በእነርሱ መደነቅ ነውር የለበትም። አንዳንዶቹ ግን ከታች የባንክ ሒሳብ ቁጥር ይዘው ይመጣሉ፤ መድኃኒት እንድንተው፣ ትርፍ ፍለጋ ገንዘብ እንድናስቀምጥ ወይም አንድን ሰው እንድንከተል ይጠይቃሉ። የዘጠና ዓመታት የቤይ ኤሪያ ልምድ ለእንዲህ ያለው ምስል ሦስት ጥያቄዎችን ያቀብላል።

የመጀመሪያው ስለ ምስሉ ነው፤ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ሳይቆረጥ ታይቷል? ሁለተኛው ስለ ክፈፉ ነው፤ ካሜራውን የያዘው ማን ነው፣ ከክፈፉ ውጭ ማን ቆሟል? ሦስተኛውና ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው ከካሜራው በፊት ስለነበረው ነው፤ ዕቃውን ያዘጋጀው ማን ነው፣ መረጃውን አስቀድሞ የማግኘት ዕድል የነበረው ማን ነው፣ ገለልተኛ የሆነና ዘዴውን የሚያውቅ ሰውስ እንዲፈትሽ ተፈቅዶለታል? ለመጀመሪያው ጥያቄ ቴክኖሎጂ እያደር መልስ እያገኘለት ነው። ሁለተኛውንና ሦስተኛውን ግን ካርሰን በማንኪያዎቹ፣ ጄሰንም በሬዲዮ መቀበያው እንዳደረጉት ሰው ራሱ ሊጠይቃቸው ይገባል። ለጥያቄው ፈቃደኛ የሆነ አቅራቢ የሚያጣው ነገር የለም። ፈቃደኛ ያልሆነው ደግሞ ገንዘብና ጤና ከመጠየቁ በፊት መልስ ሊሰጥበት ይገባል።